ስለ ተዋናይት ሲቢል ቶርንዳይክ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

በዚህ ጽሑፍ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሲቢል ቶርንዳይክ ማን ነበረች?

ሲቢል ቶርንዳይክ ከሃያኛው መቶ ክፍለ ዘመን መባቻ አንስቶ የእንግሊዝን መድረክ ከስድሳ ዓመታት በላይ ያገለገለች ተዋናይት ናት። የመጀመሪያ የሙያ ሥራዋን በ1904፣ የመጨረሻውን ደግሞ በ1969 አቅርባለች። በዚህ ረጅም ጊዜ ውስጥ የሼክስፒርን፣ የጥንት ግሪኮችንና የዘመኗን ጸሐፍት ተውኔቶች ተጫውታለች፤ ስሟ ግን ከሁሉ በላይ የሚነሣው በርናርድ ሾው ስለ ፈረንሳዊቷ የጦር መሪ ዣን ዳርክ ከጻፈው «ቅድስት ዣን» ጋር ነው።

ይህ ዝና የሚገባት ቢሆንም ሌላውን ሥራዋን ሸፍኖባታል። ቶርንዳይክን ከብዙዎቹ የዘመኗ ታላላቅ ተዋንያን የሚለያት ተመልካቹ ወደ እሷ እስኪመጣ አለመጠበቋ ነው። ውድ ትኬት መግዛት ለማይችለው የለንደን ነዋሪም ሆነ ለዌልስ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪ፣ በዋና ከተማው ትልልቅ ቴአትር ቤቶች ለሚቀመጠው ባለጸጋ የምታቀርበውን ያንኑ ትወና ሳትቀንስ አቅርባለች።

የት ተወለደች? ቤተሰቧስ ምን ዓይነት ነበር?

ኦክቶበር 24 ቀን 1882 በሊንከንሺር አውራጃ በምትገኘው በጌንስበሮ ከተማ ተወለደች። አባቷ አርተር ቶርንዳይክ የእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን ቄስ ነበሩ፤ እሷ ገና ሕፃን ሳለች በሮቸስተር ካቴድራል እንዲያገለግሉ በመመደባቸው ልጅነቷን ያሳለፈችው በኬንት አውራጃ በሮቸስተር ነው። እናቷ ጥሩ የሙዚቃ ችሎታ ነበራቸውና ቤቱ መዝሙርና ፒያኖ አይለየውም ነበር። ቶርንዳይክ ዕድሜዋን ሙሉ አጥባቂ ክርስቲያን ሆና መኖሯና በመድረክ ላይ የቃላትን ዜማ አጥብቃ መከተሏ ከዚህ አስተዳደግ የተለየ አይደለም።

ከእሷ በኋላ ከተወለዱት መካከል ራስል ቶርንዳይክ ተዋናይና ደራሲ ሆኗል። ሁለቱ በልጅነታቸው ራሳቸው የፈጠሯቸውን ተውኔቶች በቤት ውስጥ ይሠሩ ነበር፤ ካደጉም በኋላ በአሜሪካ ጉዞም ሆነ በለንደን መድረኮች ለብዙ ዓመታት አብረው ሠርተዋል። እህቷ አይሊንም ወደ ቴአትር ገብታለች። ታናሽ ወንድሟ ፍራንክ በአንደኛው የዓለም ጦርነት በ1917 ሞቷል።

ፒያኖ ተምራ ሳለ እንዴት ተዋናይት ሆነች?

የመጀመሪያ ምኞቷ የፒያኖ ባለሙያ መሆን ነበር። በአሥራ አንድ ዓመቷ በሕዝብ ፊት ተጫውታለች፤ ከሮቸስተር እየተመላለሰችም በለንደን ጊልድሆል የሙዚቃ ትምህርት ቤት ትማር ነበር። ነገር ግን የእጅ አንጓዋን የሚይዛት ሕመም እየበረታ ሄዶ በየቀኑ ለረጅም ሰዓት መለማመድ ስላልቻለች፣ ሃያ ዓመት ሊሆናት አካባቢ ይህን ሙያ ለመተው ተገደደች።

በዚህ ጊዜ ነው ከራስል ጋር ወደ ቤን ግሪት የትወና ትምህርት ቤት የገባችው። ግሪት የሼክስፒርን ሥራዎች በአትክልት ስፍራና በሜዳ ላይ በማሳየት የታወቀ የቡድን መሪ ነበር። ቶርንዳይክም የመጀመሪያ የሙያ ሥራዋን ያቀረበችው ከእሱ ቡድን ጋር በጁን 1904 በካምብሪጅ ነው። ሙዚቃውን ግን ፈጽማ አልተወችውም፤ እስከ እርጅናዋ ድረስ የባኽን ሥራዎች በቤቷ በፒያኖ ትጫወት ነበር።

የአሜሪካው ጉዞዋ ምን ጠቀማት?

በዚያው በ1904 ከግሪት ቡድን ጋር ወደ ሰሜን አሜሪካ ተሻገረች፤ በቀጣዮቹ ዓመታትም ከከተማ ወደ ከተማ፣ ከኮሌጅ ወደ ኮሌጅ እየተዘዋወረች ከመቶ በላይ ገጸ ባሕርያትን ተጫውታለች። ቡድኑ አነስተኛ በመሆኑ አንድ ተዋናይ በአንድ ተውኔት ውስጥ ሁለትና ሦስት ሰው ሆኖ መቅረቡ የተለመደ ነበር። ዛሬ ንግሥት፣ ነገ አገልጋይ፣ ከነገ ወዲያ ወንድ ልጅ ሆና መቅረብ በየትኛውም ትምህርት ቤት የማይገኝ ሥልጠና ነበር።

ጉዞው ዋጋም አስከፍሏታል። ያለ ጣሪያ፣ በነፋስና በአቧራ መካከል ድምፅን ከፍ አድርጎ መናገር ጉሮሮዋን ጎድቶት ድምጿ ተዘጋ። ሐኪም ለሳምንታት አንዲት ቃል እንዳትናገር አዘዛት፤ እሷም ትእዛዙን ሳታዛንፍ ፈጸመችና ድምጿ ተመለሰላት። በኋላ ዘመን ተቺዎች ደጋግመው ያደነቁት ያ ጥልቅና ሰፊ ድምፅ እንግዲህ አንድ ጊዜ ጠፍቶ የተገኘ ነው።

ባለቤቷ ማን ነበር?

ባለቤቷ ተዋናይና አዘጋጅ ልዊስ ካሰን ነበር። የተዋወቁት በ1908 በማንቸስተር ሲሆን፣ በዚያው ዓመት በዲሴምበር ወር አባቷ በሚያገለግሉበት በኤልስፎርድ ቤተ ክርስቲያን ተጋቡ። ካሰን ትውልዱ ከዌልስ የሆነ፣ ንግግርን እንደ ሙዚቃ የሚያዳምጥ፣ በፖለቲካ ደግሞ ሶሻሊስት የሆነ ሰው ነበር። የቶርንዳይክን የፖለቲካ አመለካከትና የአነጋገር ጥበብ በመቅረጽ ረገድ ከእሱ የበለጠ ድርሻ ያለው ሰው የለም። ጆን፣ ክሪስቶፈር፣ ሜሪና አን የተባሉ አራት ልጆች ወልደዋል፤ ትዳራቸውም ካሰን በሜይ 1969 እስኪሞት ድረስ ከስድሳ ዓመት በላይ ዘልቋል።

ማንቸስተር ያገናኛቸው በአጋጣሚ አልነበረም። አኒ ሆርኒማን የተባለች የሻይ ነጋዴ ቤተሰብ ወራሽ በዚያ ከተማ ጌይቲ የተባለውን ቴአትር ቤት ገዝታ፣ ቋሚ ቡድን እየቀጠረ ተውኔቶችን በማፈራረቅ የሚያቀርብ ድርጅት አቋቁማ ነበር፤ በእንግሊዝ የዚህ ዓይነቱ አሠራር ፈር ቀዳጅም ይኸው ቤት ነው። ከተማዋን የሚያውቁ ወጣት ጸሐፍት ስለ ጨርቃ ጨርቅ ሠራተኞችና ስለ ተራ ቤተሰብ ኑሮ የጻፏቸው ተውኔቶች በዚህ መድረክ ታይተዋል። ቶርንዳይክም ከንጉሣውያን ገጸ ባሕርያት ወደ ሠራተኛው መደብ ሴቶች የተሸጋገረችው እዚህ ነው። በ1913 በሴንት ጆን ኧርቪን «ጄን ክሌግ» ውስጥ ከማይረባ ባሏ ጋር የምትታገለውን ሴት ሆና መቅረቧ በዚህ በኩል ትልቁ ሥራዋ ነበር።

በኦልድ ቪክ የወንድ ገጸ ባሕርያትን የተጫወተችው ለምንድን ነው?

በ1914 ጦርነቱ ሲጀመር ወጣት ወንድ ተዋንያን ወደ ግንባር ዘመቱ፤ ካሰንም ከዘማቾቹ አንዱ ነበር። በዚያን ጊዜ ቶርንዳይክ በኦልድ ቪክ ተቀጥራ መሥራት ጀምራ ነበር። ይህ ቴአትር ቤት ከቴምዝ ወንዝ በስተደቡብ፣ ከለንደን የቴአትር ሰፈር ርቆ በሠራተኛው ሕዝብ መካከል የሚገኝ ሲሆን፣ ሥራ አስኪያጇ ሊሊያን ቤይሊስ ሼክስፒርንና ኦፔራን በርካሽ ዋጋ ለማሳየት ቆርጣ የተነሣች ሴት ነበረች። ወንዶቹ ሲያልቁ የቀሩት ሴቶች ሚናቸውን ወሰዱ። ቶርንዳይክ ልዑል ሃል፣ በ«ንጉሥ ሊር» ውስጥ ያለው ቀልደኛ፣ በ«ዘ ቴምፔስት» ውስጥ ፈርዲናንድ እንዲሁም ፐክ ሆና ተጫውታለች፤ ከዚሁ ጎን ለጎን ሌዲ ማክቤዝን፣ ሮዛሊንድንና ሌሎች የሼክስፒር ሴቶችን ታቀርብ ነበር።

እስከ 1918 ድረስ በቆየችባቸው በእነዚህ ዓመታት ክፍያው አነስተኛ፣ የልምምዱ ጊዜ አጭር፣ በሰማይ ላይ ደግሞ የጀርመን አየር መርከቦች ቦምብ የሚጥሉበት ነበር። ያም ሆኖ ትርኢቱ አልተቋረጠም። ሦስት ትንንሽ ልጆች ይዛና አራተኛዋን አርግዛ ይህን ሁሉ መሥራቷ ሲታሰብ፣ ተዋናይት ሆና የበሰለችው በ«ቅድስት ዣን» ሳይሆን በኦልድ ቪክ የጦርነት ዓመታት ነው ማለት ይቻላል።

በግሪክ ተውኔቶች እንዴት ታወቀች?

ከጦርነቱ በኋላ በኦክስፎርድ የግሪክ ቋንቋ መምህር የነበረው ጊልበርት መሪ ወደ እንግሊዝኛ በመለሳቸው የጥንቱ ግሪካዊ ጸሐፊ የዩሪፒደስ ሥራዎች ተጫወተች። በ1919 በ«የትሮይ ሴቶች» ውስጥ ባሏን፣ ልጆቿንና ከተማዋን ያጣችውን ንግሥት ሄኩባን፣ በ1920 ደግሞ ባሏ ሲክዳት ልጆቿን የምትገድለውን ሜዲያን ሆና ቀረበች። የመጀመሪያው ተውኔት ጊዜውን ጠብቆ የመጣ ነበር። በአዳራሹ ከተቀመጡት እናቶችና ሚስቶች ስንቶቹ በጦርነቱ ዘመድ እንደቀበሩ ሲታሰብ፣ ከሁለት ሺህ ዓመት በፊት የተጻፈው ልቅሶ የራሳቸው ልቅሶ ሆኖ እንደተሰማቸው መረዳት አይከብድም። ቶርንዳይክም ወንድሟን በዚያው ጦርነት አጥታለች።

ሄኩባና ሜዲያ ከዚያ በኋላ ከእሷ አልተለዩም። ታላላቅ የግሪክ ገጸ ባሕርያት የሚጠይቁትን የትንፋሽ ርዝመትና የድምፅ ስፋት ይዛ የተገኘች የዘመኗ ቀዳሚ እንግሊዛዊት ተዋናይት እሷ ናት የሚለው ግምት በብዙዎች ዘንድ የጸና ነው።

በአስፈሪ ተውኔቶች ላይ ሠርታለች የሚባለው እውነት ነው?

አዎን። ከ1920 እስከ 1922 ድረስ ከካሰንና ከራስል ጋር ሆና በለንደን ሊትል ቴአትር ግራን ጊኞል የተባለውን የፓሪስ ዓይነት ትርኢት አቅርባለች። በአንድ ምሽት አጫጭር ተውኔቶች እየተፈራረቁ ይታዩ ነበር፤ አንዱ ሲያስቅ ሌላው በግድያና በእብደት ተመልካቹን ያስደነግጣል። የመንግሥት ሳንሱር አንዳንዶቹን አግዷል፤ የታዩትም ቢሆኑ ብዙ ውዝግብ አስነስተዋል። የቄስ ልጅና የሄኩባ ተጫዋች በዚህ መገኘቷ ብዙ ሰው ያስገርማል፤ እሷ ግን በሥራው ደስ ይላት እንደነበር ደብቃ አታውቅም።

«ቅድስት ዣን» ለእሷ የተጻፈ ነውን?

በከፊል እንዲህ ማለት ይቻላል። በርናርድ ሾው ስለ ዣን ዳርክ የመጻፍ ሐሳብ የነበረው አስቀድሞ ነው፤ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያንም በ1920 ዣንን ቅድስት ብላ መሰየሟ ርእሱን የሁሉ መነጋገሪያ አድርጎት ነበር። ሾው ግን ዣንን ሆና የምትጫወተውን ሰው ያገኘው በኖቬምበር 1922 ቶርንዳይክ በገጣሚው ሼሊ «ቼንቺ» ውስጥ ቢያትሪስን ሆና ስትጫወት ሲያያት ነው። በዚያ ተውኔት ውስጥ ቢያትሪስ በፍርድ ሸንጎ ፊት ትቆማለች፤ ሾው በዚህ ትዕይንት የዣንን የፍርድ ሂደት መጫወት የምትችል ተዋናይት መኖሯን ተረዳ። በ1923 ተውኔቱን ሲጽፍ የእሷን ድምፅና አቋም በልቡ ይዞ ነበር።

ሁለቱ ግን ከዚያ በፊትም ይተዋወቁ ነበር። በ1908 ወጣቷ ቶርንዳይክ ለሾው «ካንዲዳ» ተጠባባቂ ተዋናይት ለመሆን ቀርባ ስታነብ፣ ሾው ወደ ቤቷ ሄዳ የቤት አያያዝ እንድትማርና አራት ልጆች እንድትወልድ፣ ያኔ ካንዲዳን መጫወት እንደምትችል ነግሯት እንደነበር እሷ ራሷ ደጋግማ ታወራ ነበር። አራት ልጆች ከወለደች በኋላ በ1920 ካንዲዳን ተጫውታለች።

ታዲያ የመጀመሪያዋ ቅድስት ዣን እሷ ናት?

አይደለችም፤ ይህ በብዙ ጽሑፎች ላይ የሚደጋገም ስሕተት ነው። ተውኔቱ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በዲሴምበር 28 ቀን 1923 በኒው ዮርክ ሲሆን፣ ዣንን የተጫወተችው አሜሪካዊቷ ዊኒፍሬድ ሌኒሃን ናት። አዘጋጁ ድርጅት ቴአትር ጊልድ ከዚያ ቀደምም የሾውን ሥራዎች በአሜሪካ ሲያስተዋውቅ የቆየ ነበር። ቶርንዳይክ የመጀመሪያዋ የእንግሊዝ ዣን ናት። የለንደኑ ትርኢት በማርች 26 ቀን 1924 በኒው ቴአትር ተከፈተ፤ ይህ ቤት ዛሬ ኖኤል ካዋርድ ቴአትር ይባላል። አዘጋጆቹ ሾው ራሱና ካሰን ነበሩ፤ መድረኩንና አልባሳቱን የነደፈው ሠዓሊው ቻርልስ ሪኬትስ ነው። ትርኢቱም 244 ጊዜ ታይቷል።

የአርባ አንድ ዓመት ሴት የአሥራ ዘጠኝ ዓመቷን ዣን እንዴት ተጫወተች?

ዣን ዳርክ በ1431 በእሳት ስትቃጠል ዕድሜዋ አሥራ ዘጠኝ ገደማ ነበር፤ ቶርንዳይክ ሚናውን ስትይዝ አርባ አንድ ሞልቷት ነበር። በፎቶግራፍ ብቻ የሚመለከታት ሰው ይህን ልዩነት ማስተዋሉ አይቀርም። መልሱ ያለው ሾው በሣላት ዣን ላይ ነው። የሾው ዣን ለስላሳና አሳዛኝ ልጃገረድ ሳትሆን ጤናማ፣ ደፋር፣ ሰፊ ትከሻ ያላት የገበሬ ልጅ ናት፤ ለልዑሉም ለጳጳሱም በአንድ ዓይነት የገጠር አነጋገር ትናገራለች። ይህን ባሕርይ ለማሳየት የሚያስፈልገው የሕፃን ፊት ሳይሆን የማይናወጥ እምነት፣ ጉልበትና ብልህነት ነው።

ከዚህም በላይ የመጨረሻው የፍርድ ትዕይንት ለጀማሪ የሚከብድ ነው። ዣን በፍርሃት እምነቷን የምትክድበትን ወረቀት ፈርማ፣ ዕድሜ ልኳን እንደምትታሰር ስትሰማ ወረቀቱን ቀድዳ እሳቱን ትመርጣለች። ፍርሃት፣ እፍረት፣ ቁጣና ነጻነት በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ይፈራረቃሉ። በሃይማኖት ያደገች፣ በሜዲያና በሄኩባ የበሰለች ተዋናይት ለዚህ ትዕይንት ያላት ዝግጅት ከማንኛዋም የሃያ ዓመት ወጣት ይበልጣል። ተመልካቹም ይህን ስለተቀበለ በደቡብ አፍሪካና በአውስትራልያ ጉዞዋ ጭምር ዣንን ደግማ ደጋግማ ተጫውታለች፤ እስከ 1941 ድረስም አልተወቻትም።

ከፖል ሮብሰን ጋር የሠራችው መቼ ነው?

በ1930 በለንደን ሳቮይ ቴአትር በቀረበው የሼክስፒር «ኦቴሎ» ነው። አፍሪካ አሜሪካዊው ድምፃዊና ተዋናይ ፖል ሮብሰን ጥቁሩን የጦር አዛዥ ኦቴሎን፣ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ የነበረችው ፔጊ አሽክሮፍት ነጭ ሚስቱን ዴዝዴሞናን፣ ቶርንዳይክ ደግሞ የዴዝዴሞናን አገልጋይ ኤሚልያን ሆነው ተጫወቱ። በዚያ ዘመን ነጭ ተዋናይ ፊቱን ቀብቶ ኦቴሎን መጫወቱ የተለመደ ነበር፤ በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ክፍለ ዘመን አይራ አልድሪጅ በለንደን ይህን ሚና ከተጫወተ ወዲህ ጥቁር ተዋናይ በዚህ ደረጃ በለንደን መድረክ ሲታይ ብርቅ ነበር። የቀለም ልዩነትን የሚያራግቡ ሰዎች ነጭ ሴት በጥቁር ወንድ ስትሳም መታየቷን ተቃውመው ነበር። ኤሚልያ የኦቴሎን ጥፋት የምታጋልጠው፣ ለእውነት ስትል ሕይወቷን የምትከፍለው ሴት ናት፤ ለቶርንዳይክ ጠባይ ከዚህ የበለጠ የሚስማማ ሚና ማግኘት ያስቸግራል።

«ዴም» የሚለው ማዕረግ ምንድን ነው?

በእንግሊዝ የክብር ሥርዓት ለወንዶች «ሰር» ከሚባለው ጋር የሚመጣጠን የሴቶች ማዕረግ ነው። ቶርንዳይክ ይህን ማዕረግ ያገኘችው በ1931 ነው። ካሰን ሰር የተባለው በ1945 ሲሆን፣ እሷ ግን በባሏ ማዕረግ ሳይሆን ራሷ ባገኘችው ስም ዴም ሲቢል ተብላ መጠራቷን ቀጥላለች። በ1970 ደግሞ ከዚህ በላይ የሆነና ለጥቂት ሰዎች ብቻ የሚሰጥ የክብር ኒሻን ተጨምሮላታል።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወደ ዌልስ የሄደችው ለምን ነበር?

በ1940 የለንደን ቴአትሮች በቦምብ ድብደባው ምክንያት በብዛት ሲዘጉ፣ ኦልድ ቪክ ቡድኖቹን ወደ አውራጃዎች ላከ፤ ለሥነ ጥበብ ድጋፍ የተቋቋመው አዲስ የመንግሥት ምክር ቤትም ወጪውን ረዳ። ካሰንና ቶርንዳይክ የዌልስን የድንጋይ ከሰል መንደሮች መረጡ። «ማክቤዝ»ን፣ ቀጥለውም «ሜዲያ»ንና ሌሎች ተውኔቶችን ይዘው በአውቶቡስ ከመንደር ወደ መንደር ተጓዙ፤ ትርኢታቸውንም በሠራተኞች አዳራሽ በጥቂት የመድረክ ዕቃ አቀረቡ። በየደረሱበትም በቆፋሪዎች ቤት እንግዳ ሆነው ያድሩ ነበር። ስድሳ ዓመት ሊሞላት የተቃረበች፣ የዴም ማዕረግ ያላት ተዋናይት የራሷን ልብስ እያጠፈች ሻንጣዋን ተሸክማ በየቀኑ አዲስ መንደር ትገባ ነበር።

ብዙዎች ሕዝቡ ቀላልና አስቂኝ ነገር እንጂ የጥንት ግሪክ ሐዘን አይፈልግም ብለው ነበር። የሆነው ተቃራኒው ነው፤ የዌልስ ተመልካች ከመዘምራን ባህሉ የተነሣ የግጥም ንግግርን ለማዳመጥ የሠለጠነ ጆሮ ነበረውና «ሜዲያ»ን በታላቅ ስሜት ተቀበለ። ይህ ጉዞ በሕይወት ታሪኳ ውስጥ እንደ ጦርነት ጊዜ ትርፍ ሥራ ተቆጥሮ በአንድ አንቀጽ ብቻ መታለፉ ያሳዝናል። መንግሥት ለቴአትር ገንዘብ ማውጣቱ ተገቢ መሆኑን ለተጠራጠሩ ሁሉ ከክርክር ይልቅ በሥራ የቀረበ መልስ ነበር፤ ያ ምክር ቤትም ከጦርነቱ በኋላ የታላቋ ብሪታንያ የሥነ ጥበባት ምክር ቤት ሆኗል።

ከዚያ በ1944 ተዋንያኑ ሎረንስ ኦሊቪየና ራልፍ ሪቻርድሰን ኦልድ ቪክን በለንደን እንደገና ሲያቋቁሙ አብራቸው ተሰለፈች፤ በ«ፒር ጊንት» የፒርን እናት፣ በ«ንጉሥ ኤዲፐስ» የንጉሡን እናትና ሚስት ጆካስታን ተጫውታለች። በ1945 ቡድኑ ወደ ጀርመን በሄደ ጊዜ ነጻ ከወጣ ገና ብዙ ያልቆየውን የናዚዎችን የቤልሰን ማጎሪያ ካምፕ ጎብኝታ የታመሙ ሕፃናትን አይታለች።

ጦርነትን የምትቃወም ከሆነ እንዴት በጦርነቱ ጊዜ ለአገሯ አገለገለች?

ቶርንዳይክ የሰላም ቃል ኪዳን ማኅበር አባል ነበረች፤ ጦርነትን ማውገዟም ከክርስትና እምነቷ የመነጨ ነው። ከዚያ በፊት ለሴቶች የመምረጥ መብት የሚታገለው የተዋናይቶች ማኅበር አባል ነበረች፤ በ1926ቱ አጠቃላይ የሥራ ማቆም አድማ ጊዜም ከሠራተኞቹ ወገን ቆማለች። ጦር መሣሪያ የያዘውን ወገን ሁሉ አንድ አድርጋ ትመለከት ነበር ማለት ግን አይደለም። የፋሺዝም ተቃዋሚነቷ በግልጽ የታወቀ ስለነበር፣ ናዚዎች ብሪታንያን ከወረሩ በኋላ ሊይዟቸው ባዘጋጁት የስም ዝርዝር ውስጥ ስሟ ተገኝቷል።

አቋሟን ከባድ ያደረገው በቤቷ ውስጥ ያለው እውነታ ነበር። ትልቁ ልጇ ጆን የባሕር ኃይል አውሮፕላን አብራሪ ነበር፤ በጁን 1940 በኖርዌይ የጀርመን የጦር መርከብ ሲያጠቃ አውሮፕላኑ ተመትቶ ተማረከ፤ ጦርነቱ እስኪያበቃም በምርኮ ቆየ። እሷ ልጇን አልኮነነችም፤ እምነቷንም አልለወጠችም። መግደልን የማያካትት አገልግሎት ፈልጋ አገኘች፤ ያም በፍርሃትና በድካም ላይ ላለው ሕዝብ ቴአትር ይዞ መሄድ ነበር። ይህን እንደ ተቃርኖ የሚያዩ አሉ፤ የሕይወቷን አካሄድ ከመጀመሪያው ለተከተለ ሰው ግን በአንድ መስመር የሄደ ነው።

ትወናዋ ተተችቷል ወይ?

ተተችቷል። ኃይለኛ ገጸ ባሕርያት ላይ ያላትን ብቃት የሚያደንቁ ተቺዎች እንኳ አንዳንድ ጊዜ ከሚገባው በላይ ትጫናለች፣ ድምጿና እጇ ትንሹን ትዕይንት ያጥለቀልቁታል ብለዋል። ይህ ትችት መሠረት የለውም ማለት አይቻልም። በሜዳ ላይና በትልልቅ አዳራሾች የሠለጠነ ተዋናይ ለኋላ ወንበር መናገርን ስለሚለምድ፣ ዝቅ ባለ ድምፅ የሚነገረው ዘመናዊ ተውኔት ሲመጣ ራሱን መግታት ይኖርበታል። ቶርንዳይክ በእርጅናዋ ዘመን ይህን ተምራለች፤ በ1962 በቺቸስተር ከተማ በሩሲያዊው ጸሐፊ በቼኾቭ «አጎቴ ቫንያ» ውስጥ አሮጊቷን ሞግዚት ስትጫወት፣ ሹራብ እየሠራች በጥቂት ቃል ብቻ መድረኩን ትይዝ ነበር።

በፊልምስ ሠርታለች? ዛሬ ትወናዋን ማየት ይቻላል?

ዋና ሥራዋ መድረክ ቢሆንም በበርካታ ፊልሞች ላይ ታይታለች። በ1928 «ዶውን» በተባለው ድምፅ አልባ ፊልም ጀርመኖች በ1915 በብራስልስ የረሸኗትን እንግሊዛዊት ነርስ ኢዲት ካቨልን ተጫውታለች። ፊልሙ የጀርመንን መንግሥት አስቆጥቶ፣ የእንግሊዝ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትርም ተቃውመውት፣ የፊልም ሳንሱርም ከልክሎት ነበር፤ በመጨረሻ የታየው የለንደን አስተዳደርን የመሳሰሉ የአካባቢ ባለሥልጣናት በመፍቀዳቸው ነው። በ1950ዎቹ ደግሞ ኦሊቪየ ባዘጋጀው «ልዑሉና ዳንሰኛዋ» ላይ ከአሜሪካዊቷ የፊልም ኮከብ ከማሪሊን ሞንሮ ጋር ሠርታለች። በልምምዱ ወቅት ብዙዎች በሞንሮ መዘግየት ሲማረሩ፣ ቶርንዳይክ ግን በካሜራ ፊት እንዴት እንደሚተወን ከሁላቸውም በላይ የምታውቀው ይህች ወጣት ናት ብላ ተከራክራላታለች።

የመጨረሻ የመድረክ ሥራዋን ያቀረበችው በ1969 በሌዘርሄድ ከተማ በስሟ በተሰየመው ቴአትር ቤት መክፈቻ ላይ ሲሆን፣ ጁን 9 ቀን 1976 በዘጠና ሦስት ዓመቷ በለንደን አርፋ አመዷ በዌስትሚንስተር አቢ ቤተ ክርስቲያን ተቀብሯል። ትወናዋን ማየት ለሚፈልግ ሁለት ሥራዎችን መጠቆም ይገባል። አንደኛው በ1927 ድምፅ ያለው ፊልም ገና በሙከራ ላይ ሳለ የተቀረጸው የ«ቅድስት ዣን» የካቴድራል ትዕይንት ነው፤ አጭር ቢሆንም የዚያን ዘመን ድምጿን ይዟል። ሁለተኛው በ1963 በፊልም የተቀረጸው የቺቸስተሩ «አጎቴ ቫንያ» ነው፤ በዚህኛው ካሰንም አብሯት ይታያል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚተዋወቃት ሰው ከሁለተኛው ቢጀምር ይሻላል፤ ምክንያቱም ሙሉ ተውኔት ነው፣ አጠገቧ ካሉት ኦሊቪየና ማይክል ሬድግሬቭ ጋር እያነጻጸረም ሊመለከታት ይችላል።